የአምኃ ድንኳን ቤት ፈቃድ

ታርቱ፣ መስከረም 28 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለማከብርዎትና ለምወድዎት አክስቴ እትዬ ሸዋአየሁ፣

ጤናዎ እንዴት ነው? ጉልበትዎስ ከዚያ ከኮንዶሚኒየሙ ደረጃ ጋር ታረቀ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። እዚህ ኢስቶኒያ ቅጠሉ መርገፍ ጀምሯል፤ ብርዱም መምጣቱ ነው። ይህን በኢሜይል የላክሁልዎትን ደብዳቤ እንደ ልማዳችን ለአባዬ ጮክ ብለው ያንብቡለት። በቀኝ ጆሮው በኩል ይሁን፤ ግራው እንኳን የእኔን ደብዳቤ መብረቅም አይሰማም።

የዛሬው ነገሬ ስለ ድንኳን ቤቱ ፈቃድ ነው። ካዛንቺስ ከፈረሰ ወዲህ ድንኳኑም ወንበሩም ባምቢስ ጀርባ በተከራያችሁት መጋዘን ታጉሮ ነው ያለው። ኦሎምፒያ አካባቢ ምትክ ቦታ የሚሰጠው ደግሞ የዘንድሮ ፈቃዱን ላሳደሰ ነጋዴ ብቻ ነው ብለው ጽፈውልኝ ነበር። እስከ ታኅሣሥ 30 ካልታደሰ ይሰረዛል፤ ከተሰረዘ ቦታውም ቀረ። አባዬ ዕድሜውን ሙሉ የለፋበት ነገር በአንድ ቀን ሊቀር ነው ማለት ነው።

አሁን ግን ጥሩ ዜና አለ። ሁሉም ነገር በአንድ ድረ ገጽ፣ በአንድ መስኮት ሆኗል። ምዝገባው፣ ግብሩ፣ እድሳቱ፣ በቃ ሁሉም። እኔ ከዚህ ሆኜ ልሞላው እችላለሁ። እዚህ አገር ሰው ሲወለድም ሲያገባም ሱቅ ሲከፍትም እንዲሁ ነው፤ ተሰልፎ የሚውል ሰው አይቼ አላውቅም። ከአባዬ የሚፈለገው አንድ ነገር ብቻ ነው። ፊቱን ለስልክ ካሜራ ያሳያል፤ ከመታወቂያው ጋር ያመሳስሉታል፤ አለቀ።

ምን እንዳለ ይጻፉልኝ። የአባዬን ምርቃትም እንዳይረሱ።

የሚወድዎት ፋኑኤል

*

ገላን፣ ጥቅምት 6 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለልጄ ለፋኑኤል፣

የእናትህ የነፍሷ አምላክ በሄድክበት ይቅደምልህ፤ ክፉ ዓይን አይይህ። እኔ ደህና ነኝ። ከደረጃው ጋር አልታረቅንም፤ እሱም አልቀነሰም፣ እኔም አልቀነስኩም። ደብዳቤህ ከደረሰኝ ሰንብቷል። መዘግየቴን በክፉ አትየው፤ የሰፈር ነገር ወጠረኝ።

አንድ መስኮት ሆነ ትለኛለህ። አይ ልጄ! እኔ የማውቀው መስኮት ሦስት ቁጥር ተሰልፈህ ተራህ ሲደርስ «አራት ቁጥር ይሂዱ» የሚል ነው። አራት ስትሄድ ሰውየው ስብሰባ ላይ ነው። ዕድሜዬን በመንግሥት መሥሪያ ቤት ታይፕ ስመታ ኖሬ አንዱ ክፍል የሌላውን ፋይል ከፍቶ ሲያይ አላየሁም። እኛ ጋ መዝገብ ቤትና ሒሳብ ክፍል አንድ ግድግዳ ተጋርተው በደብዳቤ ነበር የሚጻጻፉት። ደብዳቤውን የምመታው እኔ፤ ይዤ የምሄደው እኔ፤ መልሱን የምመታውም እኔ! እና ያንተ ድረ ገጽ ይህን ሁሉ አስታረቀው ነው የምትለኝ? ይሁን፤ አየዋለሁ።

አባትህ አሁን ምንም አያመውም። ያ እንቅልፍ የሚነሳው ሳልም ተወው። ስለ እሱ ራስህን አታስጨንቅ።

የፊት ማሳየቱን ነገር ግን ለጊዜው እንተወው። ጊዜ አለን። ድንኳኖቹን ባለፈው ሳምንት አውጥተን ፀሐይ አስመታናቸው፤ ትልቁን አረንጓዴውን አይጥ ጥጉን ነክሶት ስለነበር እኔው ራሴ ጠቀምኩት።

ምግብ ብላ። የታሸገ ነገር ብቻ አትብላ።

አክስትህ ሸዋአየሁ

*

ያው ጥቅምት 6፤ ተጽፎ ያልተላከ

ፋኒዬ፣

ቅድም የላክሁልህን ደብዳቤ አንብቤው አፈርኩ። ይህን ደግሞ እንደማልልከው እያወቅሁ እጽፋለሁ።

አባትህ መስከረም ዘጠኝ አረፈ። ባምቢስ መጋዘን ውስጥ የድንኳን ገመድ ሲፈትሽ ቆይቶ ከተደረደሩት ወንበሮች አንዱን ስቦ ተቀመጠና «ትንሽ ልረፍ» አለኝ። እኔ ደግሞ «አንተ መቼ ዐርፈህ ታውቃለህ» ብዬ ቀለድኩበት። ሐኪም ቤት ሳንደርስ አለቀ። አልተሰቃየም፤ እሱን እምልልሃለሁ።

ቀብር ውለን ስንመለስ የዕድራችን ዳኛ ጋሽ ዘነበ ሰው ሰበሰቡ። «ልጁ ያለበት ከተማ አንድ ሐበሻ የለም። መርዶ በስልክ አይነገርም። ወድቆ ቢቀር ማን ያነሳዋል? ማን ውኃ ያቀብለዋል? አገር ቤት እስኪመጣ ወይም ሄዶ የሚነግረው ሰው እስኪገኝ ሁላችንም ዝም» አሉ። ሁሉም እሺ አለ። እኔም እሺ አልኩ።

ከሁሉ የሚያንገበግበኝን ልንገርህ። ድንኳን አልተከልንለትም። ድንኳን ከተተከለ አንዱ ፎቶ አንስቶ ይለጥፈዋል፤ አንተ ጋ ይደርሳል ብለን ሰው እቤት ውስጥና ደረጃው ላይ ተቀመጠ። ለካዛንቺስ ሐዘንተኛ ሁሉ ድንኳን ሲተክል የኖረ ሰው፣ የደሃ ለቅሶ ሲሆን ዋጋ እንኳን የማይጠይቅ ሰው፣ እሱ ያለ ድንኳን ተለቀሰለት።

ሞቱን ወረዳ ሄጄ በሕጉ አስመዝግቤያለሁ። እኔ የመዝገብ ሰው ነኝ፤ የሞተን ሰው በወረቀት ላይ በሕይወት ማኖር ነውር ነው። አንተን ደብቄ ለመንግሥት መናገሬ ሲያስቡት ይገርማል። ግን መንግሥት አያለቅስም፤ ላንተም አይነግርህም።

*

ታርቱ፣ ጥቅምት 26 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለማከብርዎት እትዬ ሸዋ፣

ሰላምታዬ ባሉበት ይድረስዎ። ጉልበትዎን ፈጣሪ ያበርታልዎት።

እትዬ፣ አልተቆጣሁም፤ ማለቴ ትንሽ ተቆጥቻለሁ። ጊዜ አለን ይሉኛል፤ የለንም። ቪዲዮ ስደውል የአባዬ ስልክ አይነሳም። አውቃለሁ፤ ሲነሳም እጁን አውለብልቦ ነው የሚዘጋው። ግን እንደዚህ ጠፍቶብኝ አያውቅም። አንድ ፎቶ አንስተው ይላኩልኝ። ጋዜጣ ሲያነብም ይሁን፣ ሲያንቀላፋም ይሁን።

ደግሞ ባለፈው ደብዳቤ ምርቃቱ የለም። አባዬ እኮ ከቁጣው መሐል እንኳን መጨረሻ ላይ «ድንኳን የማይመልሰው ዝናብ አይምጣብህ» ሳያስጽፍ ቀርቶ አያውቅም። ረስተውት ነው? ተቀይሞኝ ከሆነም ይንገሩኝ። ባለፈው ዓመት ቤታችሁ ሲፈርስ አልመጣሁም። ፈቃድ አልሰጡኝም ያልኩትም ግማሹ እውነት ነበር። ያን ነገር በልቡ ይዞብኝ ከሆነ ልወቀው።

ስለ ፈቃዱ እንዲህ እናድርግ። የፊቱን ነገር ለመጨረሻ እናቆየው። መጀመሪያ እኔ በአባዬ ቁጥር ገብቼ ያለበትን ሁኔታ ልይ። ስገባ በአባዬ ስልክ የኮድ ቁጥር ይመጣል። ኅዳር 15 ከሰዓት በኋላ ስልኩን ይዘው ይጠብቁኝና ቁጥሩን በቴክስት ብቻ ይላኩልኝ። አባዬን መቀስቀስም አያስፈልግም።

አክባሪዎ ፋኑኤል

*

ገላን፣ ኅዳር 8 ቀን 2018 ዓ.ም.

ልጄ ፋኑኤል፣

በያለህበት የሚካኤል ክንፍ ይጋርድህ። ቁጣህ ደርሶኛል፤ የአባትህ ልጅ መሆንህን ስላሳየኝ ደስ ብሎኝ ነው ያነበብኩት።

ስለ ቤቱ መፍረስ ያልከውን ተወው። አባትህ ባንተ ቂም አልያዘም። ያኔ እንኳን ሰው ሁሉ ዕቃውን ሲያወጣ እያለቀሰ እሱ ድንኳን አውጥቶ ለጎረቤት ዕቃ ማስቀመጫ ሲተክል ነበር፤ «ፋኒ ቢኖር ካስማውን ይመታልኝ ነበር» ነው ያለው። ይህን ከአፉ የሰማሁት ነው፤ የጨመርኩበት የለም።

ፎቶውን አትጠይቀኝ። የእኔ ስልክ ካሜራ ጭጋግ ለብሷል። ምርቃቱም የሱ ነው፤ እኔ በሱ ቦታ ሆኜ አልጽፈውም።

ትናንት እንደምንም ብዬ ሜክሲኮ ደርሼ ነበር። ድረ ገጹን የሚያግዙበት ቢሮ አለ ብለውኝ ነው የሄድኩት። ሀኒ የምትባል ልጅ፣ ጥፍሯ እንዲህ የረዘመ፣ በዚያ ጥፍር እንዴት እንደምትጽፍ እግዜር ይወቅላት፣ ግን ትሑት ልጅ ናት። «እማማ፣ ባለፈቃዱ ራሳቸው ይምጡ ወይም በስልክ ፊታቸውን ያሳዩ፤ ሌላ መንገድ የለም» አለችኝ። እኔም «አይመቸውም» አልኳት። «ቢታመሙም ቤት ድረስ መጥተን እናነሳቸዋለን» አትለኝም! እንዲህ ያለ ደግነት በእኔ ጊዜ ቢኖር ኖሮ ስንት ሰው ይጠቀም ነበር። አመስግኛት ወጣሁ። ታክሲ ውስጥ እንባዬ መጣ፤ አጠገቤ ያለችው ሴት ጉዳይዋ አልተሳካም መሰለኝ ብላ ከንፈር መጠጠችልኝ።

ቁጥር ብቻ ከሆነ የምትፈልገው እልክልሃለሁ። ኅዳር 15 ስልኩን ይዤ እቀመጣለሁ። ቁጥር ምንም አይልም።

ለገና ትመጣ ይሆን? ቁርጡን ንገረኝ።

አክስትህ ሸዋአየሁ

*

ታርቱ፣ ታኅሣሥ 4 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለውድ እትዬ ሸዋ፣

እንዴት ሰነበቱ? እኔ ደህና ነኝ። በመዘግየቴ ይቅርታ። ሥራ በዝቶብኝ ነበር።

ኮዱን ስለላኩልኝ አመሰግናለሁ። ገብቼ አይቼዋለሁ። ስለ ፈቃዱ አያስቡ፤ መንገድ አለው። ፊቱን ማሳየት አያስፈልግም። ፎቶውንም ይተዉት።

ለገና አልደርስም።

አንድ ነገር ልጠይቅዎት። ትልቁ አረንጓዴ ድንኳን ደህና ነው? አይጥ የነካውን ጥግ ጠቅሜዋለሁ ብለውኝ ነበር። ለሰው እንዳያከራዩት። ካስማዎቹም እንዳይጠፉ።

እርስዎም ይብሉ። ብቻዎን ሲሆኑ ምግብ እንደሚተዉ አውቃለሁ።

ፋኑኤል

*

ገላን፣ ታኅሣሥ 15 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለልጄ ለፋኑኤል፣

እግዚአብሔር ብቻህን አይተውህ። ዛሬ የጀመርኩት በዚህ ነው፤ ሌላ ምርቃት አልመጣልኝም።

ደብዳቤህ አጠረብኝ። አንተ ስለ አየሩ ብቻ አንድ ገጽ የምትጽፍ ልጅ፣ ምን ሆነህ ነው? አሞህ ነው? ሴት ናት? ሴት ከሆነች ደስታውን አልችለውም፤ ንገረኝ። «ብቻዎን ሲሆኑ» ያልከውን ደግሞ ደጋግሜ አነበብኩት።

ድንኳኑ አለ። ካስማው ሙሉ ነው።

አሁን አንድ ነገር ላዝህ። የጋሽ ዘነበ የእህት ልጅ ናኦድ ስቶክሆልም ነው የሚኖረው። ለአንድ ጉዳይ ወደ አንተ አገር በመርከብ ይሻገራል። ታኅሣሥ 25 ቅዳሜ ጠዋት ቤትህ ይመጣል። ጓደኛውም አብሮት አለ። የትም እንዳትሄድ። ከመምጣታቸው በፊት ቁርስህን ብላ። አደራ፣ ሳትበላ እንዳትጠብቃቸው።

አክስትህ

*

ታርቱ፣ ታኅሣሥ 26 ቀን 2018 ዓ.ም.

እትዬ ሸዋዬ፣

እግዚአብሔር ያጽናዎት። ወንድምዎ ነው፤ እርስዎም አንድ ወንድምዎን ነው ያጡት። እስከ ዛሬ ይህን ያለዎት ሰው ከእኔ በቀር ሁሉም ነው፤ አሁን እኔም አልኩ።

ናኦድ መጣ። ዓርብ ነው የደረሱት፤ ግን መርዶ በጠዋት ነው ብለው ሆቴል አድረው፣ ገና ሳይነጋ በሬን አንኳኩ። ጓደኛው ከተማ ይባላል፤ በዚያ በረዶ ላይ ነጠላ አጣፍቶ ቆሟል። ታኅሣሥ እዚህ እስከ ረፋድ ጨለማ ነው። ጎረቤቴ አሮጊት በሯን ከፍታ አየቻቸውና መልሳ ዘጋች። ቡና አፍልቼላቸው ተቀመጥን። ናኦድ ስለ መርከቡ አወራ፤ ከተማ ጉሮሮውን ጠረገ። ከዚያ «ፋኑኤል፣ አባታችን ጋሽ አምኃ...» አለ፤ አልጨረሰውም። እኔም አላስጨረስኩትም። ጮህኩ፣ እትዬ። እንደዚያ መጮህ የምችል አይመስለኝም ነበር። ሁለቱም ያዙኝ።

አሁን እውነቱን ልንገርዎት። እኔ ከኅዳር 15 ጀምሮ አውቅ ነበር።

ኮዱን ሲልኩልኝ ገባሁ። የአባዬ ስም ወጣ፤ የንግድ ስሙም ወጣ። ከሥሩ በግራጫ ፊደል «ባለፈቃዱ በሕይወት የሉም። ከሟች ጋር ያለዎትን ዝምድና ይምረጡ» ይላል። ስህተት ነው ብዬ ወጥቼ ተመልሼ ገባሁ። ያው ነው። ቀኑን ተጫንኩት፤ መስከረም 9። ወረዳ ያስመዘገቡት ነው የመጣው። እርስዎ በሥራዎ ዘመን አንዱ ቢሮ የሌላውን ፋይል ሲያይ አላዩም፤ አሁን ግን ይተያያሉ። በአንደኛው መስኮት የተናገሩት በሁሉም ይሰማል። ለእርስዎ ይህን አስቀድሜ ማስረዳት የነበረብኝ እኔ ነኝ፤ ስንት ገጽ ሙሉ ሳወድሰው።

ያን ቀን አላለቀስኩም። ሊያምኑኝ ይችላሉ? ስክሪኑን እያየሁ ቁጭ አልኩ። ማንም ስላልነገረኝ የሆነ ነገር አልመሰለኝም። ነገ ይስተካከላል የሚባል ዓይነት ነገር ነው የመሰለኝ። ሥራ ሄድኩ። ምሳ በላሁ። ሰው «እንዴት ነህ» ሲለኝ «ደህና» አልኩ። ያ ሁሉ ሳምንት እንደዚያ ነበርኩ፤ ምን ዓይነት ልጅ ነኝ እያልኩ ራሴን ፈራሁት።

ከዚያ ደብዳቤዎችዎን መልሼ አነበብኳቸው። አንድም ቦታ አልዋሹኝም። ምንም አያመውም አሉ እንጂ ደህና ነው አላሉም። በሱ ስም አንዲት ቃል አልጻፉም፤ ምርቃቱን እንኳን። ይህን ሁሉ ተጠንቅቀው እኔን የሚይዝ ሰው እስኪያገኙ ነው የጠበቁት። ታዲያ «ከኮምፒውተር አወቅሁ» ብዬ እንዴት ልጻፍልዎት? ስለዚህ እኔም ጠበቅሁ። አባዬ በሰው አፍ እንዲነገርልኝ ፈለግሁ። ናኦድ ሲነግረኝ ነው አባዬ የሞተብኝ።

አሁን ወደ ፈቃዱ። ቀኑ እየደረሰ ነው፤ ይህን ደብዳቤ አንብበው ሳይውሉ ሳያድሩ ይሂዱ። ዝምድና የሚለው ላይ «ልጅ» ብዬ መረጥኩ፤ ጣቴ እንዴት እንደከበደኝ አልነግርዎትም። ወራሽ የሆነ ሰው ድርጅቱን ለቤተሰብ አሳልፎ መስጠት ይችላል። ለእርስዎ አሳልፌያለሁ። እኔ ድንኳን መትከል እንጂ ድንኳን ቤት ማስተዳደር አልችልም፤ እርስዎ ግን ስንት ዓመት ከአባዬ ጎን ሆነው ያስተዳደሩት ነው። የቀረው የእርስዎ ፊት ብቻ ነው። ወደ ሀኒ ይሂዱ።

የመንፈቁ ዕለት አገር ቤት ነኝ። ትኬቱን ቆርጫለሁ። ድንኳኑን ያቆዩልኝ ያልኩት ለዚህ ነው።

ልጅዎ ፋኑኤል

*

ገላን፣ ጥር 4 ቀን 2018 ዓ.ም.

ለልጄ ለፋኑኤል፣

እግዚአብሔር ያጽናህ፤ ያበርታህ፤ ምትክ ይሁንህ። ይኸው ልለው ስመኝ የኖርኩትን አልኩህ።

ደብዳቤህን ጋሽ ዘነበ ፊት ነው ያነበብኩት። ኅዳር 15 የሚለው ጋ ስደርስ እሳቸው መነጽራቸውን አውልቀው «እኛ ዕድሩን ሁሉ አፉን አስያዝን፤ መዝገቡን ማን ያስይዝልን?» አሉ። እኔ ዕድሜዬን በመዝገብ ሰው ስለነበርኩ ነው የበለጠ የተሰማኝ። ልጄ ብቻውን ያን ሁሉ ሳምንት ምሳ እየበላ፣ እኔ ጭጋግ የለበሰ ካሜራ እያልኩ! ይቅር በለኝ ብዬ አላስቸግርህም፤ እንዳልከው ሁለታችንም ጠብቀናል። ግን አዝኛለሁ፣ በጣም ነው ያዘንኩት።

የገና ዋዜማ ሀኒ ጋ ሄድኩ። ያኔ እንዳትጠይቀኝ አውልቄው ነበር፤ አሁን ግን ጥቁር እንደለበስኩ ነው የሄድኩት። አየችኝና ገባት። ተነስታ እጄን ሳመችና «እማማ፣ ያኔ ቤት ድረስ እንመጣለን ስልዎት... አፈርኩ» አለች። «ምን ያሳፍርሻል፣ የደግ ሰው ንግግር ነው የተናገርሽው» አልኳት። ከዚያ ካሜራው ፊት አስቀመጠችኝ። ወደ ግራ ይዩ፤ ወደ ቀኝ ይዩ፤ ዓይንዎን ጨፈን አድርገው ይግለጡ። ዓይኔን ስገልጥ አረንጓዴ ምልክት መጣ። ፈቃዱ ስልኬ ውስጥ ገባ። ማህተም የለውም! በክብ ማህተም ያልተመታ ወረቀት እኔ ወረቀት አልለውም፤ አሳትሜ ከአባትህ ፎቶ አጠገብ ሰቀልኩት እንጂ። ባለፈቃድ የሚለው ላይ ሸዋአየሁ ይላል። የንግድ ስሙን ሊቀይሩት ይችላሉ ብላኝ ነበር፤ እንዲያ ብሎ ነገር የለም አልኳት። አምኃ ድንኳን ቤት እንደሆነ ይኖራል።

ኦሎምፒያ ያለው ቦታም ጸደቀ። ሄጄ አየሁት። ጠበብ ያለች ናት፤ ግን ፊት ለፊቷ ባዶ መሬት አለ። አረንጓዴው ድንኳን እንደሚገባበት በእርምጃዬ ለክቻለሁ።

እና የመጀመሪያ ሥራዬ ይህ ነው። መጋቢት 9 እዚያ ድንኳን ይተከላል፤ የካዛንቺስ ሰው ከተበተነበት ሁሉ ይመጣል፤ ጋሽ ዘነበ እየዞሩ እየነገሩ ነው። ፎቶ ማንሳት የፈለገ ያንሳ፤ የፈለገበት ይለጥፈው። አባትህ ድንኳን ሥር ይለቀስለታል። ካስማውን የምትመታው አንተ ነህ፤ ሌላ ሰው መዶሻ እንዲይዝ አልፈቅድም።

እስከዚያው ድረስ ራስህን ጠብቅ። ናኦድ በየሁለት ቀኑ እየደወለ ወሬህን ይነግረኛል፤ ምሳ ትተሃል አሉ። ብላ።

ድንኳን የማይመልሰው ዝናብ አይምጣብህ። ይህን የምልህ እኔ ነኝ፣ ልጄ። ከእንግዲህ እኔ እለዋለሁ።

አክስትህ ሸዋአየሁ